ምናለሽ ተራ፦ የእናቴን ሳጥን ያሳደስኩበት ቦታ

መርካቶ ምናለሽ ተራ ዕቃ ስለማሠራት የሚጠይቀኝ ሰው በዝቷል። ስለዚህ አንዴ ቁጭ ብዬ ልጻፈው አልኩ። ቤታችሁ አሮጌ ዕቃ ካለና "ልጣለው ወይስ ላሠራው" እያላችሁ ከሆነ፣ ከመጣላችሁ በፊት ወደዚያ ውሰዱት። ሥራቸው ሥራ ነው። ዋጋቸው አይጎዳም። ጫጫታው ግን ራስ ያዞራል፣ መንገዱም ጉልበቱን ለሚያመው ሰው አይሆንም። ከአምስት አራት ሰጥቻቸዋለሁ።

እኔ ያሠራሁት የእናቴን የቆርቆሮ ሳጥን ነው። እናቴ ካረፈች በኋላ ያደግንበት የቀበሌ ቤት ለልማት ተፈለገና ወደ ኮንዶሚኒየም ገባን። አራተኛ ፎቅ ላይ ጓዳ የለም። ቆጥ የለም። አልጋ ሥር እንኳ ብዙ አይገባም። እናቴ ደግሞ ምንም የማትጥል ሴት ነበረች። የኒዶ ጣሳ ለሽሮ፣ የመድኃኒት ብልቃጥ ለኮረሪማ፣ የተሰበረ ፔርሙዝ ክዳን ለስኳር መስፈሪያ ይሆናል። ከዓመታት በፊት የተረሳው ቡታጋዝ በፌስታል ተጠቅልሎ ተቀምጧል። የአባቴ ባለ ካሴት ቴፕ ከነካሴቶቹ አለ። ካሴት የምናጠነጥንበት ቢክ እስክሪብቶ ሳይቀር አጠገቡ አለ። ዲሲ ያለው ታላቅ ወንድሜ በስልክ "እባክሽ ሁሉንም ጣይውና ተገላገይ" አለኝ። አልፈርድበትም። እሱ ዕቃዎቹን በእጁ እያነሳ አልነበረም።

ስለ ሳጥኑ ከማውራቴ በፊት ስለ ቆራሌው ትንሽ ልበል። የብዙዎቻችን ዕቃ ጉዞውን የሚጀምረው ከእሱ እጅ ነው። "ቆራሌው!" እያለ ጠዋት በሰፈር የሚያልፈው ልጅ ብረት፣ ጠርሙስ፣ የሞተ ባትሪ፣ የተበላሸ ፍሪጅ፣ ባዶ ሃይላንድ ይገዛል። በር ድረስ ይመጣል። ራሱ ይሸከማል። እጅ በእጅ ይከፍላል። ደረጃ ወጥቶ ከእኔ ጋር አልጋ አንስቶ፣ ከሥሩ ያለውን አውጥቶ፣ አልጋውን ወደ ቦታው መልሶ የሄደ ልጅ ነው የመጣልኝ። የሚገዛው ሁሉ በኋላ ይለያል። ብረቱ ወደ ማቅለጫ ይሄዳል፣ አሉሚኒየሙ ቀልጦ ድስት ይሆናል፣ ሊጠገን የሚችለው ደግሞ ምናለሽ ተራ ይገባል። እነዚህ ልጆች ባይኖሩ ሁሉም ነገር የሚሄደው የከተማው ቆሻሻ መጣያ፣ ቆሼ ነበር። መጋቢት 2009 የቆሼ ክምር ተንዶ ከመቶ በላይ ሰው ሲሞት፣ ከተማው የጣለው ነገር የት እንደሚከማች ሁላችንም አይተናል። ቆራሌውን ሳይ ያ ቀን ትዝ ይለኛል። ለዚህ ነው ስለ እነሱ በክብር የምናገረው።

ዋጋ ላይ ግን ጠንከር በሉ። ብዙዎቹ በእጃቸው አንስተው ነው የሚገምቱት። አሉሚኒየምና ብረት ቀላቅላችሁ "ለሁሉም ስንት?" አትበሉ። ለይታችሁ አውጡ። ሰፈራችሁ ያለ ባለሱቅ ሚዛን ካለው መጀመሪያ አስመዝኑ።

ልብስና ጫማውን ለልዋጭ ሰጠሁ። የመጣችው ሴት ሳፋና የፕላስቲክ ኩባያ ነበር የያዘችው። የአባቴን ኮት ሳቀብላት አልተቀበለችኝም። "እህቴ፣ ኪሱን ሳላይ አልወስድም" አለችና እኔው ፊት ኪሶቹን አንድ በአንድ ገለበጠቻቸው። ከውስጥ ኪሱ የአንበሳ አውቶቡስ ትኬት ወጣ፤ ታጥፎ ታጥፎ እንደ ጨርቅ የለሰለሰ። ከትኬቱ ጋር አንድ ስሙኒ። እጃቸውን ወደ ላይ ያነሱት ወንድና ሴት ያሉባት፣ በጀርባዋ የአንበሳው ራስ ያለባት፣ የ1969ኟ። ልጅ ሆኜ በስሙኒ ከረሜላ እገዛ ነበር። ዛሬ የታክሲ ረዳትም አይቀበላት። ስሙኒዋንና ትኬቱን አስቀረሁ፣ ኮቱን ሰጠሁ። ጥሩ ኮት ነው፤ አንድ ሰው ይለብሰዋል። በዚህ ደስ ይለኛል። ያቺን ሴት ግን አመሰግናታለሁ። ኪሱን ሳትፈትሽ ብትወስደው ማንም አይወቅሳትም ነበር።

አሁን ሳጥኑ። ያያችሁት ዓይነት ነው፤ አረንጓዴ የተቀባ፣ ክዳኑ ላይ በእጅ የተሳለ ቢጫ አበባ ያለበት። ክዳኑ ሲከፈት የናፍታሌን ሽታ አሁንም ይመጣል። የክዳኑ ውስጥ በጋዜጣ ተለብጧል። ጽሑፉ በእርጥበት ደብዝዟል። ሙሉ የሚነበበው የጋዜጣው ስም ብቻ ነው፤ አዲስ ዘመን። ከታች፣ ከነጠላዎቹ ሥር፣ የቀበሌ ኅብረት ሱቅ ካርድ አገኘሁ። ስኳር፣ ሳሙና፣ ጨው እየተባለ በየወሩ ምልክት የተደረገበት። እናቴ ያን ካርድ ለምን እንዳስቀመጠችው አልነገረችኝም። ኅብረት ሱቁ ከተዘጋ ስንት ዘመኑ። ምናልባት አንድ ቀን ተመልሶ ያስፈልጋል ብላ ይሆናል። በደርግ ዘመን ቤት የመራ ሰው እንዲህ ቢያስብ አይገርመኝም።

ካርዱን ፎቶ አንስቼ ለወንድሜ ላክሁለት። ወዲያው ደወለ። በሌሊት ተነስቶ ወረፋ የሚይዘው እሱ ነበር። ድንጋይ አስቀምጦ፣ ድንጋዩን ለጎረቤት ልጅ አደራ ብሎ፣ ቁርስ በልቶ ይመለሳል። ስኳሩ ሲያልቅበት እያለቀሰ ይመጣል። ይህን ሁሉ ሲነግረኝ ድምፁ ተቀየረ። "ጣይው" ያለው ሰው "በፕላስቲክ አድርጊው፣ እንዳይበላሽ" አለኝ።

ሳጥኑ ግን በጣም ተጎድቷል። የታችኛው ቆርቆሮ በዝገት ተበልቶ ቀዳዳው ጣት ያስገባል። አንዱ ማጠፊያ ተነቅሏል። ጓጉንቸር የሚገባበት ማንጠልጠያ የለም። ቆራሌው አይቶት "እህቴ፣ ይሄ ቆርቆሮ ነው፣ ክብደት የለውም፣ ምንም አያወጣልሽም" ብሎኝ ነበር፤ እውነቱን ነው። ላሠራው ብዬ መርካቶ ስገባ መጀመሪያ ያገኘኝ ደላላ ነው። ወደ አንድ አዲስ ሳጥን ሻጭ ወሰደኝ። ሻጩ ሳይከፍተው "ይሄማ አብቅቶለታል" አለና፣ አሮጌውን ተቀብሎ ለአዲሱ ትንሽ ቅናሽ ሊያደርግልኝ ተነሳ። ይዤው ወጣሁ። የጎደለችው አንድ ነጥብ የሄደችው በዚህ ነው፤ ከሠሪው ጋር ሳትገናኙ መሀል ገብተው የሚያዋክቡ ሰዎች አሉ። ዕቃችሁን ከእጃችሁ አትልቀቁ። ቀጥታ መዶሻው ወደሚሰማበት ሂዱ።

መዶሻው ደግሞ ከሩቅ ይሰማል። ምናለሽ ተራ ስትገቡ ሰው መሬት ላይ ተቀምጦ በርሜል ይሰነጥቃል፣ ይዘረጋል፣ ይቀጠቅጣል። ከበርሜሉ የከሰል ምድጃ፣ የቡና መቁያ፣ አሸንዳ ይወጣል። የከባድ መኪና ባሌስትራ መጥረቢያና ቢላዋ ይሆናል። ጎማው በረባሶ ይሆናል፤ ከመነዳሪው ደግሞ ተቆርጦ ማሰሪያ ይሆናል። ትልቁ ነገር እዚያ ምንም ነገር ስሙን ይዞ አይቆይም። ትናንት የናፍጣ በርሜል የነበረ ዛሬ እንጀራ ቤት ደጃፍ ምድጃ ሆኖ ይቆማል።

ከሠሪዎቹ ጎን ያገለገለ ዕቃ የሚሸጡ አሉ። እዚያ ጊዜ ካላችሁ ቆም በሉ። የቁልፍ ክምር አለ፤ ጓጉንቸሩ የሌለ ቁልፍ ብቻ። የየትኛው ቤት በር፣ የየትኛው ቁም ሳጥን እንደነበር ማን ያውቃል። የሪሞት ክምር አለ። የቧንቧ ጫፍ፣ የሬዲዮ መዘውር፣ አንድ መስታወት የወለቀ መነጽር። እኔን የያዘኝ ግን የብረት ሳህኑ ነው። ነጭ፣ ጠርዙ ሰማያዊ፣ አንዳንድ ቦታ ቀለሙ ተፈንቅሎ ጥቁሩ የወጣ። ገልብጬ ታቹን ሳይ በጥፍር ቀለም አንድ ፊደል ተጽፎበታል። "ዘ"።

ይህን የማያውቅ የአዲስ አበባ ልጅ ያለ አይመስለኝም። ለቅሶ ወይም ድግስ ሲኖር ሳህን ከጎረቤት ይሰበሰባል። ሲመለስ እንዳይቀላቀል እያንዳንዷ ሴት ምልክቷን ታደርጋለች፤ አንዷ ፊደል፣ አንዷ መስቀል፣ አንዷ ሁለት ነጥብ። የእናቴ ምልክት ቀይ ሰረዝ ነበር። እና ይህች "ዘ" የማን እንደሆነች አላውቅም። ዘነበች ትሁን ዘውዲቱ። ነገር ግን ሳህኗ ስንት ለቅሶ ቤት እንደገባች፣ ስንት ሰው ንፍሮ እንደበላባት፣ ስንት ጊዜ ታጥባ ወደ ባለቤቷ እንደተመለሰች ይታየኛል። በመጨረሻ ሳትመለስ የቀረችው ሰፈሩ ሲበተን ይሆናል። አሁን ሰፈሮች ሲነሱ ሳህንም ምልክቱም አብሮ ነው የሚበተነው። ጎረቤት በአንድ ብሎክ አይደርሰውም፤ አንዱ የካ፣ አንዱ ቦሌ አራብሳ፣ አንዱ ኮዬ ፈጬ ይደርሰዋል። ሳህን ማዋሱ ይቀራል፣ ስለዚህ ምልክት ማድረጉም ይቀራል። ሳህኗን ገዛኋት። ሻጩ ሌላ ያልተቦደሰ ሊያሳየኝ ሲል ይህችው ትሁንልኝ አልኩት።

ሳጥኑን የሠሩልኝ በዕድሜ ጠና ያሉ አባት ናቸው። ስማቸውን አልጽፍም፤ አላስፈቀድኳቸውም። ጋሼ እያልኩ ነው የማወራቸው። ሳጥኑን ተቀብለው መጀመሪያ ገለበጡት። በጣታቸው አንኳኩት፤ ጎኑን፣ ክዳኑን፣ ታቹን። "ታቹ ሞቷል። ጎኑ ግን ነፍስ አለው" አሉ። ከዚያ ጠርዙን አዩና ዝም አሉ። የብርጭቆ ወረቀት አንስተው ጎኑ ላይ ካለው አረንጓዴ ቀለም መዳፍ የምታህል ቦታ ፋቁ። ከቀለሙ ሥር ጽሑፍ ወጣ። የፈረንጅ ፊደል፣ ቀይና ሰማያዊ። ከፊደሎቹ አጠገብ እጅ ለእጅ የተጨባበጡ ሁለት እጆች።

"ልጄ፣ ይሄ የዕርዳታ ዘይት ነው። የሰባ ሰባቱ" አሉኝ።

ጠርዙን አሳዩኝ። ሳጥኑ አንድ ቆርቆሮ አይደለም። የዘይት ጣሳዎች ተቀደው፣ ተዘርግተው፣ ጠርዝ ለጠርዝ እየታጠፉ የተያያዙ ናቸው። አጣጠፉን በጣታቸው እየተከተሉ፣ "እዚሁ ነው የተሠራው። እንዲህ የሚያጥፉት እዚህ ነው" አሉ። እሳቸው ራሳቸው በወጣትነታቸው እንዲህ ያለ ሳጥን ብዙ ሠርተዋል። ዘይቱ ካለቀ በኋላ ጣሳው ከየክፍለ ሀገሩ በጭነት ይመጣ ነበር አሉኝ። ይህኛውን ግን ማን እንደሠራው አያውቁም፤ አውቃለሁም አላሉኝም።

እዚያው ቆሜ ብዙ አሰብኩ። እኔ የተወለድኩት በ78 ነው። እናቴ ሳጥኑን የገዛችው እኔን ስትወልድ ነው፤ የሕፃን ልብስ ማስቀመጫ ይሁነኝ ብላ። ሁልጊዜ የምትነግረኝ ይህን ነው። አረንጓዴውን የመረጠችው እሷ ናት፣ አበባውንም ወዳው ነው። ከቀለሙ ሥር ምን እንዳለ ታውቅ ይሆን? አንድ ቦታ፣ ወሎ ይሁን ትግራይ፣ አንዲት እናት ያንን ዘይት ተሰልፋ ተቀብላለች። ለልጇ ደርሶላት ይሁን ሳይደርስላት አላውቅም። ባዶው ጣሳ መርካቶ መጥቶ የእኔ ልብስ ማስቀመጫ ሆነ። አርባ ዓመት ገደማ ሆኖታል፣ በዚህ ሁሉ ጊዜ እነዚያ ሁለት እጆች ከአበባው ሥር ነበሩ። ስለ ድርቁ ብዙ አንብቤያለሁ፣ በፊልምም አይቻለሁ። እንደዚያ ቀን ግን ወደ እኔ ቀርቦ አያውቅም።

ከዚያ ጋሼ አራቱን ነጥብ ያስገኘላቸውን ጥያቄ ጠየቁኝ። "የቱን ልተውልሽ?" አሉ። ቀለሙን ላድሰው፣ ጋዜጣውን ልላጠው፣ ወይስ እንዳለ ልተወው ማለታቸው ነው። አንድ ጠጋኝ ይህን ሲጠይቅ ሰምቼ አላውቅም። ጥሩ ባለሙያ ዕቃውን አዲስ አስመስሎ ይመልስላችኋል። እኚህ ሰው ግን እኔ ምኑን እንደምወደው ሳያውቁ እጃቸውን አላነሱም። ጋዜጣው እንዳለ ይቆይ አልኩ። አበባው አይነካ። የተፋቀችው ቦታ ደግሞ እንደተፋቀች ትቅር፣ እንዳትዝግ ብቻ ቫርኒሽ ትቀባ። እሺ አሉ፣ ያሉትንም አደረጉ።

ሥራው እንዲህ ነው። የበሰበሰውን ታች ቆርጠው አወጡና ከበርሜል የተቆረጠ ወፍራም ላሜራ አስገቡበት። ብየዳ አልተጠቀሙም፤ ቆርቆሮው ስስ ስለሆነ እሳቱ ያቃጥለዋል አሉኝ። ጠርዙን አጥፈው በመዶሻ ቆልፈው፣ አራቱን ማዕዘን በሪቬት ያዙት። ማጠፊያዎቹን ሁለቱንም ቀየሩ፤ አንዱ ብቻ ከተቀየረ ክዳኑ ይጣመማል። የጓጉንቸር ማንጠልጠያውን ካገለገለ ዕቃ መሀል ፈልገው በልኩ አገኙለት። ዋጋው የአዲስ ሳጥን ሲሶ ያህል ነው የመጣው። አዲሶቹ ሳጥኖች ስስ ናቸው፣ ክዳናቸውን ስትጫኑት ይንቋቋል። የኔው አሁን ሰው ቢቀመጥበት አይጎብጥም።

ጉድለቱንም ልንገራችሁ። "ነገ ውሰጂው" የተባልኩት ሳጥን በነገው አልደረሰም። ቀድመው ሳይደውሉ መመላለስ አድካሚ ነው፣ ስለዚህ ስልክ ተቀበሉና ከቤት ሳትወጡ ጠይቁ። የአዲሱ ላሜራ ጠርዝ ደግሞ አንዱ ማዕዘን ላይ ስለት ሆኖ ቀርቶ ጣቴን ቆርጦኛል። ስነግራቸው ወዲያው በሞረድ ሞርደው አስተካከሉልኝ፣ ተጨማሪም አልጠየቁም። እናንተ ግን ከመክፈላችሁ በፊት እጃችሁን በቀስታ ዙሪያውን አሳልፉ። ደረሰኝ የለም። ቀብድ ስትሰጡ ግማሹን አትለፉ።

ለመሄድ የምትፈልጉ በሥራ ቀን ጠዋት ሂዱ። ቅዳሜ ሰው መተላለፊያ የለውም። ክረምት ላይ ጭቃው ቁርጭምጭሚት ይደርሳል፣ ቦቲ አድርጉ። ሞባይላችሁን ከውስጥ ኪስ አስገቡ። ሳጥን ወይም ከባድ ዕቃ ከሆነ ተሸካሚ ያዙ፤ ዋጋውን ከመጫናችሁ በፊት ተነጋገሩ። አንዋር መስጊድ ወይም ራጉኤል ጋ ወርዳችሁ "ምናለሽ ተራ በየት ነው?" ብትሉ ማንም ያሳያችኋል። ዕቃውን ከመስጠታችሁ በፊት ደግሞ ውስጡን፣ ታቹን፣ ክዳኑን ፎቶ አንሱ። ሠሪው ባይጠይቃችሁም እናንተው ንገሩት፤ ይሄ ይቆይ፣ ይሄ ይነሳ በሉት።

ቡታጋዙን በሚቀጥለው እወስደዋለሁ፤ ክሩ አሁንም እንደሚገኝ ጠይቄያለሁ። የቀረኝ የአባቴ ቴፕ ነው። ሞተሩ ይዞራል፣ ካሴቱን የሚያዞረው ላስቲክ ግን ቀልጦ ተበጥሷል። ምናለሽ ተራ ይህን የሚሠራ አላገኘሁም። ፒያሳም ይሁን ሌላ ሰፈር፣ የድሮ ቴፕ ላስቲክ የሚቀይር ሰው የምታውቁ ካላችሁ ሰፈሩን ጻፉልኝ።